ድምፅ አልባው ፍቅር፤ ከዘይነብ መሐረብ እስከ ታጁጅ ፍቺ

የሲኒማ ጥበብ አንደበት ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ ማብቂያ ላይ ነው። ከዚያ አስቀድሞ በነበሩት ሠላሳ ያህል ዓመታት ተዋንያን ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሱ ነበር እንጂ ቃላቸው ከተመልካቹ ጆሮ አይደርስም ነበር። ይሁንና ያ ድምፅ አልባ ዘመን አብዝቶ ከወደዳቸው ርዕሰ ጉዳዮች አንዱ፣ ሰው በአደባባይ ሊናገረው የማይደፍረው ነገር ነበር፤ ወግ የከለከለው ፍቅርና ፍቅር ያልጎበኘው ትዳር። አፍ የሌለው ጥበብ፣ አፍ አውጥቶ የማይነገረውን ስሜት ለመተረክ የተመቸ ሆኖ ተገኘ።

ይህ ጉዳይ የሆሊውድና የበርሊን ብቻ መስሎ ሊታይ ይችላል። ነገር ግን በአትባራ ወንዝ ዳር በምትገኘው ሾዋክ ለሚኖር አማርኛ አንባቢ ጉዳዩ በሁለት በኩል ደጃፉ ድረስ ይመጣል። በአንድ በኩል፣ ከግብፅ ድምፅ አልባ ፊልሞች ሁሉ ስመ ጥር ከሆኑት አንዱ «ዘይነብ» የተቀዳበት ልብ ወለድ አፍቃሪውን ከአባይ ወንዝ ታችኛው ዳርቻ ነቅሎ የሚሰደው ወደ ሱዳን ነው። በሌላ በኩል፣ ሱዳናውያን የፍቅር ታሪክ ቁንጮ አድርገው የሚቆጥሯት ታጁጅ የዚሁ የሰቲትና የአትባራ አገር ልጅ ናት። ሁለቱን ከእኛዋ ሰብለ ወንጌል ጋር ጎን ለጎን አስቀምጦ መመርመር፣ የትዳር ግዴታ የሚባለው ነገር በማን ትከሻ ላይ እንደሚያርፍ ለማየት ይረዳል።

ቃል ሲጠፋ ዕቃ ይናገራል

«ሜሎድራማ» የሚለው ቃል ከግሪኩ «ሜሎስ»፣ ማለትም ዜማ፣ እና «ድራማ» ከሚለው ቃል የተገጣጠመ ነው። ድምፅ አልባ ፊልም ድምፅ አልባ መባሉም በሸራው ላይ ላለው ምስል ነው እንጂ አዳራሹ ዝም ያለበት ጊዜ አልነበረም። በትንሹ ቤት ፒያኖ፣ በትልቁ ቤት ሙሉ ኦርኬስትራ ምስሉን ተከትሎ ይጫወት ነበር። በትዕይንቶቹ መካከል አጫጭር ጽሑፍ ይታያል፤ ማንበብ የሚችለው ለማይችለው ጎረቤቱ ጮክ ብሎ ያነብለታል። በጃፓን ደግሞ «ቤንሺ» የሚባሉ ተራኪዎች ከሸራው አጠገብ ቆመው ታሪኩን ያወሩ ነበር።

ጽሑፉ ከበዛ ፊልሙ መጽሐፍ ይሆናልና ባለሙያዎቹ ስሜትን በሌላ መንገድ ማስተላለፍ ነበረባቸው። ካሜራውን ወደ ፊት አስጠጉ፤ ዓይን፣ ከንፈር፣ የሚንቀጠቀጥ እጅ ሸራውን ሞላው። ዕቃም ቃል ሆነ። ደብዳቤ፣ ቀለበት፣ መሐረብ፣ የተዘጋ በር የሚሉት ነገር ነበራቸው። ከዚህም የተነሣ የተከለከለ ፍቅር ለዚህ ጥበብ የተፈጠረ ያህል ሆነ። የሚፈላለጉ ሁለት ሰዎች በዘመድ አዝማድ ፊት መነጋገር አይችሉም፤ የሚቀራቸው መተያየትና አንዳች ነገር መቀባበል ነው።

በዘመኑ ከታዩት ታላላቅ ሥራዎች ሦስቱን ማንሣት ይበቃል። ግሪፍዝ እ.ኤ.አ. በ1920 በሠራው «ዌይ ዳውን ኢስት» በሊሊያን ጊሽ የተጫወተችው አና፣ በሐሰት ሠርግ ተታልላ ትወልዳለች፤ ሕፃኑ ይሞትባታል፤ ምሥጢሯ የታወቀ ዕለት ከተጠለለችበት ቤት በበረዶ ውርጅብኝ ውስጥ ትባረራለች። ያታለላት ሰው ግን እስከዚያች ሰዓት ድረስ በዚያው ቤት ገበታ ላይ በክብር የሚቀመጥ እንግዳ ነበር። ሙርናው እ.ኤ.አ. በ1927 ባወጣው «ሰንራይዝ» ደግሞ አንድ ባላገር የከተማ ሴት አማልላው ሚስቱን ሐይቅ ውስጥ ሊያሰጥማት ይነሣል፤ ልቡ እምቢ ይለውና ይመለሳል። ወደ ከተማ ተከትሏት ሄዶ በአንድ ቤተ ክርስቲያን የሌሎች ሰዎች ሠርግ ሲፈጸም ባየ ጊዜ፣ እርሱ ራሱ የገባውን ቃል ኪዳን አስታውሶ ያለቅሳል። ግዴታ እዚህ ላይ ሰንሰለት አይደለም፤ የጠፋውን ፍቅር መልሶ የሚያስገኝ መንገድ ነው።

ሦስተኛው፣ ከቶልስቶይ «አና ካሬኒና» የተወሰደውና ግሬታ ጋርቦ የተጫወተችበት «ላቭ» የተባለው የ1927 ፊልም ነው። ለዚህ ፊልም ሁለት መጨረሻ ተዘጋጅቶለት ነበር። በአንደኛው አና እንደ መጽሐፉ ትሞታለች፤ በሁለተኛው ባሏ ሞቶ ከወዳጇ ጋር ትገናኛለች። አንዲት ባለ ትዳር ሴት ባልተፈቀደላት ፍቅር ምክንያት ትሙት ወይስ ትኑር የሚለው ፍርድ በገበያ የሚወሰን ጉዳይ ሆነ ማለት ነው። ለማንኛውም፣ በደስተኛው መጨረሻም ቢሆን ደስታው እንዲፈቀድ አስቀድሞ ባል መሞት ነበረበት፤ ወጉን የደፈረ አልነበረም።

ክፉ ሰው የሌለበት መከራ

ሙሐመድ ሑሴን ሃይከል «ዘይነብ» የተባለውን ልብ ወለድ የጻፈው በአውሮፓ ተማሪ ሳለ ነው። መጽሐፉ እ.ኤ.አ. በ1913 ካይሮ ላይ ሲታተም የደራሲው ስም አልነበረበትም፤ በስሙ ምትክ «ግብፃዊ ገበሬ» የሚል ብቻ ተጽፎበት ነበር። የሕግ ባለሙያ የሆነ ወጣት የፍቅር ታሪክ ጻፈ መባሉ ለሥራው እንዳይበጀው ሰግቶ ነበር። ትክክለኛ ስሙ የወጣው ከአሥራ ስድስት ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1929 መጽሐፉ ዳግም ሲታተም ነው። ስለ ተከለከለ ፍቅር የጻፈው ሰው ራሱ፣ የገዛ ድርሰቱን «የእኔ ነው» ለማለት ይህን ያህል ዘመን ፈጀበት።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ዘይነብ በእርሻ የምትውል የድሃ ልጅ ናት። የቀን ሠራተኞች አለቃ የሆነውን ኢብራሂምን ትወዳለች፤ እርሱም ይወዳታል። ወላጆቿ ግን ከእርሱ ይልቅ ኑሮው ለሚሻለው ለሐሰን ይድሯታል። ሐሰን ደግሞ የኢብራሂም ወዳጅ ነው። ኢብራሂም ለውትድርና ይመለመላል፤ በዘመኑ 20 ጊኔ የከፈለ ከውትድርና ይቀር ነበርና ይህን ገንዘብ ማግኘት ያልቻለው ድሃ ወደ ሱዳን ይላካል። ዘይነብ የባሏን ቤት በታማኝነት ትጠብቃለች፤ አትኮበልልም፤ ባሏንም አታዋርድም። በሳንባ ነቀርሳ ታምማ ስትሞት ግን በእጇ የያዘችው ኢብራሂም የተወላትን መሐረብ ነው።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ክፉ ሰው አይገኝም። በግሪፍዝ ፊልም አታላዩ ሰው ተጋልጦ ሲባረር ተመልካቹ እፎይ ይላል። በዘይነብ ታሪክ ግን ማን ይባረር? ሐሰን ደግ ባል ነው። ወላጆቿ ለልጃቸው የተሻለ እንጀራ የመረጡ መስሏቸዋል። ኢብራሂም የወዳጁን ትዳር አልደፈረም። ሁሉም የሚጠበቅበትን አደረገ፤ ሁሉም ግዴታውን በመወጣቱ አንዲት ሴት ሞተች። ተጠያቂው ግለሰብ ሳይሆን፣ የልጅቱን ፈቃድ መጠየቅ ትዝ ያላለው ልማድና፣ የድሃን ልጅ በ20 ጊኔ እጦት ወደ ሩቅ አገር የሚነዳው ሥርዓት ነው።

ሱዳን በዚህ ልብ ወለድ ውስጥ መልክዓ ምድር ሳትሆን ፍርድ ናት። እ.ኤ.አ. ከ1899 ጀምሮ አገሪቱ በእንግሊዝና በግብፅ የጋራ አገዛዝ ሥር ስለነበረች፣ ለግብፅ ባላገር «ሱዳን ሄደ» ማለት ላይመለስ ሄደ እንደ ማለት ይቆጠር ነበር። ገዥው ጄኔራል ሰር ሊ ስታክ እ.ኤ.አ. በ1924 ካይሮ ላይ ከተገደለ በኋላ እንግሊዞች የግብፅን ጦር ከሱዳን አስወጡ። ስለዚህ ፊልሙ ለሕዝብ በታየበት ጊዜ ኢብራሂምን የወሰደው ዘመን አልፎ ነበር፤ የዘይነብ ዕጣ ግን አላለፈም።

ልብ ወለዱን ወደ ሸራ ያመጣው ሙሐመድ ከሪም ነው። ከሪም የፊልም ሙያን ፍለጋ ጀርመን አገር ቆይቶ የተመለሰ ሰው ሲሆን፣ ፊልሙን ያዘጋጀው በታዋቂው የመድረክ ሰው በዩሱፍ ወህቢ ድጋፍ ነው። እ.ኤ.አ. በ1930 በካይሮ ሲታይ ባሂጋ ሃፊዝ ዘይነብን፣ ሲራጅ ሙኒር ኢብራሂምን፣ ዘኪ ሩስቱም ሐሰንን ሆነው ተጫውተዋል። ባሂጋ ከእስክንድርያ ባለጸጋ ቤተሰብ የተገኘች ስትሆን፣ ሙዚቃ የተማረች ስለነበረች ለፊልሙ ማጀቢያ የሚሆነውን ዜማ የደረሰችው እርሷው ናት። ቤተሰቧ በፊልም መሥራቷን አጥብቆ ተቃውሞ ነበር። እንግዲህ በሸራው ላይ ለወላጆቿ ፈቃድ የምትገዛውን ልጅ ያሳየችው ሴት፣ ከሸራው ውጪ የወላጆቿን ፈቃድ ያልተቀበለች ሴት ነበረች።

ከዘይነብ ሦስት ዓመት ቀደም ብሎ፣ እ.ኤ.አ. በኅዳር 1927፣ አዚዛ አሚር «ለይላ» የተባለውን ፊልም ለሕዝብ አሳይታ ነበር። ለይላ ወዳጇ ከባዕድ አገር ሴት ጋር ጥሏት የሚሄድ፣ ጽንሷ ሲታወቅ ከመንደሯ የምትባረር ምስኪን ናት። ሙሐመድ ከሪምም እ.ኤ.አ. በ1932 ግብፅን ከተናጋሪ ፊልም ጋር ባስተዋወቀበት «አውላድ አዝ-ዘዋት» ሚስቱን ትቶ ለፈረንሳዊት ሴት ስለተሸነፈ ባል ተርኳል። ድምፅ መጣ፤ ርዕሰ ጉዳዩ ግን አልተለወጠም። ከሪም ዘይነብንም እንደገና በድምፅ ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1952 አውጥቷታል።

የሰቲቷ ታጁጅ

ከላስታ ተራሮች የሚነሣው ተከዜ ድንበር ሲሻገር ሰቲት ይባላል፤ ወርዶም ከአትባራ ይቀላቀላል። በዚህ አካባቢ ይኖሩ የነበሩትን የሐምራን ዐረቦች ሳሙኤል ቤከር የተባለው እንግሊዛዊ ተጓዥ እ.ኤ.አ. በ1861 አግኝቷቸው፣ በፈረስ ላይ ሆነው ዝሆንን በሰይፍ ስለሚጥሉ አዳኞቻቸው በአድናቆት ጽፏል። ታጁጅ የዚህ ነገድ ልጅ እንደነበረች ይተረካል።

አተራረኩ ከቦታ ቦታ ይለያያል፤ አጥንቱ ግን አንድ ነው። ሙሐለቅ የተባለው ወጣት የአጎቱን ልጅ ታጁጅን ወደዳት፤ ውበቷንም በግጥም አወደሰ። በእነርሱ ወግ የአጎት ልጅን ማግባት የተፈቀደ ብቻ ሳይሆን ተመራጭ ነው። ነገር ግን የልጃገረድን ስም በዘፈን ያነሣ ሰው እርሷን ማግባት አይፈቀድለትም ነበርና ሙሐለቅ ተከለከለ። ከብዙ ልመናና ሽምግልና በኋላ ተዳረችለት። ባል ከሆነም በኋላ ግን አንደበቱን መግታት አልቻለም፤ ስለ ውበቷ ያወራለት አንድ ወዳጁ ካላየሁ አላምንም ቢለው፣ ወዳጁ ተደብቆ እንዲያይ ተስማምቶ ሚስቱን ልብሷን አውልቃ በፊቱ እንድትመላለስ ለመናት። እርሷም «የምጠይቅህን ትፈጽምልኛለህ?» ብላ አስምላ ፈቃዱን ፈጸመች። ከዚያ የጠየቀችው ፍቺን ነበር። ሙሐለቅ በመሐላው ታስሮ ፈታት፤ አብዶም በየበረሃው ሲንከራተት ሞተ። እርሷም ሌላ ባል አግብታ ስትኖር በሽፍቶች እጅ ተገደለች ይባላል።

ይህን ታሪክ ከዘይነብ ጋር ላስተያየው ሰው ልዩነቱ ጎልቶ ይታያል። ሙሐለቅ ሁለት ጊዜ የሠራው ጥፋት በመሠረቱ አንድ ነው፤ ሊሸፈን የሚገባውን ገለጠ። መጀመሪያ ስሟን በዘፈን፣ ኋላም ገላዋን በወዳጁ ዓይን። አማርኛ ለዚህ «ገበና» የሚል ድንቅ ቃል አለው፤ ዐረብኛው ደግሞ «ሲትር» ይላል፤ መሸፈን፣ መከለል ማለት ነው። በታጁጅ ታሪክ የትዳር ግዴታ በመጀመሪያ ደረጃ የተጣለው በባል ላይ ነው፤ የሚስቱን ገበና መጠበቅ። ያንን ባፈረሰ ጊዜ ሚስት አላለቀሰችም፤ ታምማም አልሞተችም። ቃሉን የሚያከብር ወንድ መሆን አለበት የሚለውን የወንዶች ሕግ ይዛ፣ በዚያው ሕግ ነጻ ወጣች። ዘይነብን የገደላት ግዴታ ታጁጅን አስፈታት።

ታሪኩ ለብዙ ዘመን በአፍ ሲነገር ቆይቶ እ.ኤ.አ. በ1948 ዑስማን ሙሐመድ ሃሺም በልብ ወለድ መልክ አሳተመው። በ1970ዎቹ መገባደጃ ደግሞ የሱዳን ሲኒማ አባት የሚባለው ጋደላ ጉባራ ዘፋኙን ሰላሕ ኢብን አል-ባዲያን ሙሐለቅ አድርጎ ፊልም ሠራው። ጉባራ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ለወታደሮች ፊልም በማሳየት ሙያውን የጀመረ፣ እ.ኤ.አ. በ2008 እስካረፈበት ጊዜ ድረስም፣ የዓይኑን ብርሃን ካጣ በኋላ ሳይቀር፣ ከካሜራ ያልተለየ ሰው ነው። ታጁጅን ወደ ሸራ ማምጣት ቀላል ፈተና አልነበረም፤ ሲኒማ የሚኖረው በማሳየት ነው፤ የታጁጅ ታሪክ ደግሞ ያለ ፈቃድ ማሳየትን የሚኮንን ነው። ፊልም ሠሪው በሙሐለቅ ቦታ፣ ተመልካቹም በተደበቀው ወዳጅ ቦታ የሚገኙበት ታሪክ ነው።

ሰባት ቤትና ሰብለ ወንጌል

ሲኒማ በኢትዮጵያና በሱዳን እግሩን ያስገባው በዚያው በድምፅ አልባው ዘመን ነው። በሱዳን እ.ኤ.አ. በ1912 በኤል ኦቤይድ የባቡር መንገዱ ምረቃ ፊልም በአደባባይ ታይቷል። በአዲስ አበባም ሕዝቡ የመጀመሪያውን ሲኒማ ቤት «የሰይጣን ቤት» ብሎ ነበር የጠራው፤ ጥላ የሚንቀሳቀስበት ቤት ሌላ ስም ሊሰጠው አልቻለም። የአገራችን ሰው የራሱን የፍቅርና የትዳር ጥያቄ በዚያን ዘመን የተወያየበት ግን በሸራ ላይ ሳይሆን በወረቀት ላይ ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ የብርሃኔንና የጽዮን ሞገሳን ጋብቻ የሚተርከውን «የልብ አሳብ»ን ያሳተሙት በ1923 ዓ.ም. ነው፤ ይህም የዘይነብ ፊልም በካይሮ ከታየበት ጊዜ ብዙም አይርቅም። በአንድ ወንዝ ጫፍና ጫፍ ላይ ያሉ ሁለት አገሮች በአንድ ሰሞን ስለ ጋብቻ ማሰብ ይዘው ነበር።

ጉዳዩ በአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ከፍተኛ ደረጃ ላይ የደረሰው በክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ነው። ሰብለ ወንጌልን ከበዛብህ የሚለያት የአባቷ የፊታውራሪ መሸሻ የዘር ኩራት ነው። በበዛብህም በኩል ሌላ እስራት አለ፤ ወላጆቹ ገና በልጅነቱ ለእግዚአብሔር የተሳሉት ልጅ ነው። እንዲህ ሲታይ በሦስቱ ታሪኮች ፍቅርን የሚከለክለው ነገር የተለያየ ነው፤ በታጁጅ ዘፈን፣ በዘይነብ ድህነት፣ በሰብለ የዘር ሐረግና ስለት። የጋብቻ ወጉም እንዲሁ ይለያያል። ሐምራኑ የአጎቱን ልጅ እንዲያገባ ሲበረታታ፣ የአማራው ሽማግሌ ግን እስከ ሰባት ቤት ቆጥሮ ዝምድና ከተገኘ ጋብቻውን ያፈርሰዋል። በአንዱ ዘንድ ክብር የሆነው በሌላው ዘንድ ነውር ነው። ይሁንና በሁሉም ዘንድ ቆጣሪው ሌላ ሰው ነው፤ የምትቆጠረው ሴቲቱ ናት።

አንድ ነገር ደግሞ ልብ ሊባል ይገባዋል። ዘይነብ ወደ ብዙኃኑ ግብፃዊ የደረሰችው ድምፅ የሌለው ምስል ሆና ነው። ሰብለ ወንጌል ግን ወደ ብዙኃኑ ኢትዮጵያዊ የደረሰችው ምስል የሌለው ድምፅ ሆና ነው፤ ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርካት። ማንበብ የማይችለው እናት አባት ጆሮውን ወደ ሬዲዮው አስጠግቶ ለሰብለ አለቀሰ። በካይሮ ፊት፣ በኢትዮጵያ ድምፅ አንድ ዓይነት ሥራ ሠሩ፤ ልጁን ያለ ፈቃዱ የዳረ ወላጅ በሌላ ሰው ልጅ መከራ እንዲያለቅስ አደረጉት።

ግዴታው የማን ነው?

ዕንባ ብቻውን ወግን አይለውጥም፤ ሕግ ግን ከዕንባው ጎን ለጎን ተጉዟል። ግብፅ እ.ኤ.አ. በ1923 ለጋብቻ ምዝገባ የሴትን ዕድሜ 16፣ የወንድን 18 አድርጋ ደነገገች። የኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ሕግ በ1952 ዓ.ም. የተጋቢዎችን ፈቃድ ግዴታ አድርጎ ለሴት 15፣ ለወንድ 18 ዓመትን አስቀመጠ፤ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግም ሁለቱንም 18 አደረገ። ሱዳን እ.ኤ.አ. በ1991 ያወጣችው የግል ሁኔታ ሕግ በበኩሉ ሴት ስትዳር የወሊይ፣ ማለትም የአሳዳጊ ዘመድ፣ መኖርን ይጠይቃል። በወረቀት ላይ ያለው ሕግና በመንደር ያለው ይሉኝታ ግን ብዙ ጊዜ አይተዋወቁም።

የግዴታ ትርጉም በቋንቋዎቹም መካከል አንድ አይደለም። ዐረብኛው «ዋጂብ» ሲል ከሕግ አልፎ ሐዘንተኛን መጎብኘትን፣ እንግዳን መቀበልን፣ ለዘመድ መድረስን ሁሉ ይጨምራል። አማርኛው «ግዴታ» ሲል ማስገደድ አለበት፤ «አደራ» ሲል ግን መተማመን፣ «ይሉኝታ» ሲል ደግሞ የሰው ዓይን ፍርሃት። በእነዚህ መለኪያዎች ሲታዩ ዘይነብ የኖረችው በይሉኝታ ነው፤ ሙሐለቅ ያፈረሰው አደራን ነው፤ የ«ሰንራይዝ» ባላገር የተመለሰው ወደ ቃል ኪዳን ነው። ሦስቱንም «ግዴታ» ብሎ በአንድ ቃል መጠቅለል፣ የሚያቆመውንና የሚገድለውን አንድ ማድረግ ይሆናል።

ይህ ልዩነት ለገዳሪፍና ለሾዋክ አካባቢ ነዋሪ የመጽሐፍ ጨዋታ ብቻ አይደለም። በመተማና በገላባት በኩል ለሰሊጥ አጨዳ የተሻገረ ወጣት፣ በስደት ዘመናት ድንበር ያቋረጠ ባል፣ በወዲያኛው ማዶ የምትጠብቅ ሚስት የኢብራሂምንና የዘይነብን ታሪክ በሥጋ የኖሩት ናቸው። «ጠብቂው» የሚባለው ለሚስት ነው፤ «አትቅር» የሚለው ለባል ሲነገር የሚሰማው ድምፅ ግን ዝቅ ያለ ነው። ባልና ሚስት ከአንድ ባሕር ይቀዳል ይላል የአገራችን ሰው። ተረቱ እውነት የሚሆነው ግን አንዱ ብቻ ሲቀዳ ሌላው ሲጠጣ አይደለም።

ድምፅ አልባው ሲኒማ ያለፈ ጥበብ ነው። የተወው ጥያቄ ግን አላለፈም፤ ዘይነብ ከመዳሯ በፊት አንድ ሰው ዞር ብሎ «አንቺስ ምን ትያለሽ?» ቢላት ኖሮ፣ ያ ፊልም አይሠራም ነበር። በየዘመኑ ድምፅ የጎደለው በሸራው ላይ ብቻ አልነበረም።